ማስፋፊያ ሳይገዙ «ዘ ሲምስ»ን መጫወት

(በራዲዮ ከተነገረው ተገልብጦ የታተመ)

ቀኑን ሙሉ በመዝገብና በደብዳቤ መካከል ተቀምጦ የዋለ ሰው ወደ ቤቱ ሲመለስ አእምሮውን የሚያሳርፍበት ጨዋታ ቢፈልግ የሚያስነቅፈው ነገር የለም። ገበጣውም ሆነ ሰንጠረዡ ከጥንት ጀምሮ ለዚሁ ጕዳይ ሲያገለግሉ ኖረዋል፤ ዛሬም ያገለግላሉ። በዘመናችን ደግሞ በኮምፒዩተር የሚደረጉ ጨዋታዎች ከእነርሱ ጎን ቆመዋል፤ ከእነዚህም አንዱ «ዘ ሲምስ» የሚባለው ነው። ይህ ጨዋታ ጠላት የሚገደልበት ወይም መኪና የሚሽቀዳደምበት አይደለም። ሰው ተወልዶ፣ አድጎ፣ ሥራ ይዞ፣ ቤት ሠርቶ፣ ትዳር መሥርቶና አርጅቶ እስኪሞት ድረስ ያለውን ኑሮ በትንሹ የሚያሳይ፣ አሸናፊና ተሸናፊ የማይለይበት ጨዋታ ነው።

ክቡራን አንባቢዎች፤ ይህ ጨዋታ ምናልባት በራሳችሁ ወይም በልጆቻችሁ ኮምፒዩተር ላይ ይገኝ ይሆናል። እንዲህ ከሆነ አንድ ነገር ሳታስተውሉ አልቀራችሁም፤ ይኸውም ጨዋታውን የጀመረ ሰው ጥቂት ቀናት ከቈየ በኋላ «ያለኝ መሠረታዊው ጨዋታ ብቻ ስለ ሆነ የምሠራበት ነገር አለቀብኝ፤ ማስፋፊያው ይገዛልኝ» ማለቱ ነው። ማስፋፊያ የሚባሉት በመሠረታዊው ጨዋታ ላይ አዲስ ከተማ፣ አዲስ ሥራና አዲስ ዕቃ የሚጨምሩ፣ ለየብቻቸው የሚሸጡ ክፍሎች ናቸው። የዛሬው ንግግራችን ዓላማ ያለ እነዚህ ማስፋፊያዎች ምን ሊሠራ እንደሚቻል ማስረዳት ነው። ነገሩ የጨዋታ ነገር ቢሆንም የቤተ ሰብ ገንዘብና የዕረፍት ጊዜ ስላለበት ሊናቅ አይገባውም።

በቅድሚያ ስለ አመጣጡ ጥቂት መናገር ያስፈልጋል፤ የምንጠቅሳቸውም ዓመታት ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ናቸው። የጨዋታው አስገኚ ሚስተር ዊል ራይት የሚባሉ አሜሪካዊ ናቸው። እርሳቸው አስቀድመው በ1989 «ሲምሲቲ» የተባለውን፣ ተጫዋቹ እንደ ከተማ ሹም ሆኖ መንገድ የሚዘረጋበትንና ግብር የሚያስከፍልበትን ጨዋታ አውጥተው ስማቸው ታውቆ ነበር። በ1991 በኦክቶበር ወር በካሊፎርኒያ፣ በኦክላንድ ኰረብታዎች ላይ ታላቅ የእሳት ቃጠሎ ተነሥቶ 25 ሰዎች ሲሞቱ በሺህ የሚቈጠሩ መኖሪያዎች ወደሙ፤ ከተቃጠሉትም ቤቶች አንዱ የሚስተር ራይት ቤት ነበር። ከቃጠሎው በኋላ የጠፋውን ዕቃ ለመተካት ሲነሡ፣ ለሰው በእውነት የሚያስፈልገው የትኛው ዕቃ ነው? የሚለው ጥያቄ አሳባቸውን ያዘው። መጀመሪያ ያሰቡት ስለ ቤት አሠራር የሚሆን ጨዋታ ነበር፤ ትንንሾቹ ሰዎች የገቡት ቤቱ ለኑሮ የተመቸ መሆኑንና አለመሆኑን እንዲመሰክሩ ነው። እየቈየ ግን ሰዎቹ ከቤቱ ይልቅ የሚያስደስቱ ሆነው ስለ ተገኙ የጨዋታው ዋና ነገር እነርሱ ሆኑ። እርሳቸው ከባልደረባቸው ጋር ባቋቋሙት በማክሲስ የተሠራው ይህ ጨዋታ በኤሌክትሮኒክ አርትስ አሳታሚነት በፌብሩዋሪ 4 ቀን 2000 ወጣ። በ2002ም እስከዚያ ጊዜ ድረስ ከወጡት የኮምፒዩተር ጨዋታዎች ሁሉ በብዛት የተሸጠ ለመሆን በቃ።

ከዚያ ወዲህ ሁለተኛው በ2004፣ ሦስተኛው በ2009፣ አራተኛው በ2014 ወጥተዋል። እኛም ከዚህ በኋላ የምንናገረው ስለ አራተኛው ነው። የዚህ መሠረታዊ ክፍል ከኦክቶበር 18 ቀን 2022 ጀምሮ ያለ ዋጋ ይሰጣል፤ ለማውረድ የሚወጣው የኢንተርኔት ሒሳብ ብቻ በተጫዋቹ ላይ ነው። ማስፋፊያዎቹ ግን በነፃ አይሰጡም። የአንዱ ትልቅ ማስፋፊያ መደበኛ ዋጋ 40 የአሜሪካ ዶላር ያህል ነው፤ እስካሁን የወጡትን ትልልቁንም ትንንሹንም ሁሉ በሙሉ ዋጋ ልግዛ የሚል ሰው ከ1,000 ዶላር በላይ ይጠይቀዋል። ይህም በወር ደመወዝ ለሚተዳደር ሰው ምን ያህል ገንዘብ እንደ ሆነ ማስረዳት አያስፈልግም። መሠረቱ በነፃ መሰጠቱም ተጫዋቹ ኋላ ማስፋፊያውን እንዲገዛ ለማባበል ነው ብንል ከእውነት የራቅን አንሆንም።

እንግዲህ በነፃ በሚሰጠው ክፍል ውስጥ ምን ይገኛል? ተጫዋቹ ከ1 እስከ 8 ሰዎች ያሉበት ቤተ ሰብ ያቋቁማል፤ መልካቸውን፣ ጠባያቸውንና የሕይወት ምኞታቸውንም ራሱ ይመርጣል። አንድ ሰው ብቻውን ሲጀምር 20,000 ሲሞሊዮን ይሰጠዋል፤ ሲሞሊዮን የጨዋታው ገንዘብ ነው። ለእያንዳንዱ ተጨማሪ የቤተ ሰብ አባል ደግሞ 2,000 ይታከላል። እያንዳንዱ ሰው መብላት፣ መተኛት፣ መታጠብ፣ መጸዳዳት፣ መዝናናትና ከሰው ጋር መጫወት የሚሉ ስድስት ፍላጎቶች አሉት፤ ከእነዚህ አንዱ ሲጐድልበት ፊቱ ይጠቍራል፣ ሥራውም ይበላሻል። በየሳምንቱ በንብረቱ ዋጋ የተመዘነ የክፍያ ሒሳብ ይመጣለታል፤ ባይከፍል መብራቱና ውሃው ይቋረጥበታል። የጨዋታው አንድ ቀን በመደበኛው ፍጥነት ከእኛ 24 ደቂቃ ያህል ይፈጃል።

ከዚህ የምንረዳው ጨዋታው በመሠረቱ የገንዘብና የጊዜ አስተዳደር መሆኑን ነው። ብዙ ተጫዋቾች ቶሎ የሚሰለቹበትም ምክንያት ከዚሁ ይገኛል። ጨዋታው በጽሑፍ የሚቀበላቸው፣ ገንዘብን ያለ ልፋት የሚያበዙ የምስጢር ትእዛዞች አሉት። ተጫዋቹ በእነዚህ ትእዛዞች ገንዘቡን ያበዛና በመጀመሪያው ምሽት ታላቅ አዳራሽ ሠርቶ ባማረው ዕቃ ሁሉ ይሞላዋል። በማግሥቱ ሲመለስ የሚጐድለው ነገር ስለሌለ የሚሠራውም ነገር አይኖርም። ይህን ጊዜ ጉድለቱ የጨዋታው ይመስለውና ማስፋፊያ ይገዛል፤ በአዲሱም ላይ ያንኑ አድርጎ ከሳምንት በኋላ ያንኑ መሰልቸት ያገኛል። ስለዚህ መድኃኒቱ አዲስ ዕቃ መጨመር ሳይሆን፣ በራስ ላይ ወሰን ማድረግና የሚደርሱበትን ግብ አስቀድሞ መቍረጥ ነው። ይህን በምሳሌ ለማስረዳት በመሠረታዊው ጨዋታ ብቻ ሊፈጸሙ የሚችሉ ሰባት ሥራዎችን ከዚህ በታች እንዘረዝራለን።

1ኛ፤ ከባዶ እጅ መጀመር። ኒውክረስት የሚባል፣ 15 ባዶ ቦታዎች ብቻ ያሉት፣ ቤትም ነዋሪም የሌለበት መንደር በ2015 በነፃ ለተጫዋቾች ሁሉ ተሰጥቷል። አንድ ሰው ፍጠሩና በዚያ ባዶ ቦታ ላይ አስቀምጡት፤ ገንዘብ የሚጨምረውን ትእዛዝ ለመቀነሻ ተጠቅማችሁ ኪሱን ባዶ አድርጉት። ይህ ሰው በመናፈሻ ወንበር ላይ ያሸልባል፣ በሕዝብ ስፖርት ቤት ገላውን ይታጠባል፣ በዱር የበቀለ ፍሬ ለቅሞና ዓሣ አጥምዶ ይበላል፤ ያገኘውን እንቍራሪትና የከበረ ድንጋይም ሸጦ ገንዘብ ያጠራቅማል። ጥቂት መቶ ሲሞሊዮን በያዘ ጊዜ መጀመሪያ የሚገዛው አልጋ ነውን፣ ወይስ ምድጃ? ይህ ከኦክላንድ ቃጠሎ በኋላ ሚስተር ራይትን የያዛቸው ያው ጥያቄ ነው፤ ሀብታም ሆኖ የጀመረ ተጫዋች ግን ፈጽሞ አይደርስበትም። ትእዛዝ መጠቀም የማይወድ ሰው ደግሞ በ2021 በነፃ ከተጨመሩት የተወሰነ ግብ ካላቸው አጫዋወቶች መካከል አንዱ ያለ ምንም ገንዘብ የሚጀመር ስለ ሆነ ያንን ሊመርጥ ይችላል።

2ኛ፤ በተወሰነ ገንዘብ ቤት መሥራት። በ20,000 ሲሞሊዮን ብቻ አራት ሰዎች ያሉበት ቤተ ሰብ ተመችቶት የሚኖርበትን ቤት ለመሥራት ሞክሩ። ወጥ ቤቱ ከገበታው ቢርቅ ሰዎቹ ሳህን ይዘው ሲመላለሱ ጥዋት የሥራ ሰዓት ያልፍባቸዋል፤ መታጠቢያ ቤቱ አንድ ብቻ ቢሆን በበሩ ላይ ይሰለፋሉ፤ መስኮትና ጌጥ ቢነፈጋቸው ደግሞ ስሜታቸው ይከፋል። እንዲህ ሲሆን ቤቱ ለነዋሪው እንጂ ለተመልካች አለመሠራቱን ራሳቸው ይመሰክራሉ። ሌሎች ተጫዋቾች የሠሩትን ቤት ለማየትም ጋለሪ የሚባለው የመለዋወጫ ስፍራ አለ፤ በዚያም ማስፋፊያ የማይጠይቁትን ሥራዎች ብቻ ለይቶ በነፃ መውሰድ ይቻላል።

3ኛ፤ አንድን ሙያ እስከ መጨረሻው ማድረስ። ዋና ዋናዎቹ ሙያዎች 10 ደረጃ አላቸው። «ቀስ በቀስ ዕንቁላል በእግሩ ይሄዳል» እንደሚባለው፣ ሠዓሊው በየቀኑ ሸራው ፊት ቢቆም ከተራ ሥዕል ተነሥቶ ብዙ ገንዘብ ወደሚያወጣ ሥራ ይደርሳል። በአራተኛው ጨዋታ የገባው ልዩ ነገር ስሜት ነው፤ የጥበብ መንፈስ ያደረበት ሰው የተሻለ ሥዕል ይሥላል፣ ልቡን የሰበሰበ ሰው በሰንጠረዥና በኮምፒዩተር ሥራ ይበረታል፣ ያዘነም ሰው የኀዘኑን ሥዕል ሊሥል ይችላል። ደራሲ ለመሆን የመረጠ ሰው መጽሐፍ ጽፎ ለአሳታሚ ይልካል፤ ከሽያጩም የድርሻው ገንዘብ ለተወሰነ ጊዜ በየቀኑ ይደርሰዋል። አንድን ሰው በቢሮ ሥራ ሳይቀጠር በእጁ ሙያ ብቻ ማኖር ራሱን የቻለ ግብ ነው።

4ኛ፤ የአትክልት ቦታና የሞት አበባ። ይህ ትዕግሥትን የሚጠይቅ ሥራ ነው። አትክልተኛው 5ኛ ደረጃ ላይ ሲደርስ የአንዱን ተክል ቅርንጫፍ ቈርጦ በሌላው ላይ ማዳቀል ይችላል። ፖምና ቼሪ ሲዳቀሉ ሮማን ይገኛል፤ ስናፕድራገን የሚባለው አበባና ሊሊ ሲዳቀሉ ኦርኪድ ይገኛል፤ ሮማንና ኦርኪድ እንደ ገና ሲዳቀሉ ደግሞ የሞት አበባ የሚባለው ይወጣል። ይህን አበባ በኪሱ የያዘ ሰው የሚሞትበት ሰዓት ቢደርስ፣ ነፍስ ሊወስድ የመጣው ጥቍር ለባሽ አበባውን ተቀብሎ ሰውየውን ይተውለታል። ከዚህም አልፎ በምርጥ ምግብ አሠራር 10ኛ ደረጃ የደረሰ ሰው የሞት አበባን፣ ኤንጅልፊሽ የሚባለውን ዓሣና የወጣትነት መድኃኒትን አንድ አድርጎ አምብሮዚያ የተባለውን ምግብ ሊሠራ ይችላል፤ የሞተ ሰው መንፈስ ይህን ቢመገብ ወደ ሕይወት ይመለሳል። አትክልት፣ ዓሣ ማጥመድና ወጥ መሥራት ሦስቱም ለአንድ ዓላማ ሲተባበሩ ብዙ ሳምንታት ያለ መሰልቸት ያልፋሉ።

5ኛ፤ የሌላውን ቤት ማቃናት። ሰው ሁሉ የራሱን ቤተ ሰብ መፍጠር ይወዳል፤ ነገር ግን ዊሎው ክሪክና ኦዌሲስ ስፕሪንግስ በሚባሉት ሁለት ከተሞች ውስጥ ታሪክ ያላቸው ቤተ ሰቦች አስቀድመው ይኖራሉ። ከ2000 ጀምሮ በመጀመሪያው ጨዋታ የታወቁት የጎት ቤተ ሰቦች አሉ፤ በዚያው በዊሎው ክሪክ ቦብና ኢላይዛ ፓንኬክስ የሚባሉ ባልና ሚስትም አሉ። ባል ትካዜ የሚያጠቃው፣ ብቸኝነትን የሚወድና ስለ ንጽሕና ግድ የሌለው ነው፤ ሚስት ግን ንጽሕናንና ፍጹምነትን የምትሻ፣ ንብረት የምትወድ ናት። የእነዚህን ሁለት ሰዎች ጠባይ ሳትለውጡ ትዳራቸውን አስታርቃችሁ ለማኖር ሞክሩ። እርሱ ምግብ ማብሰል ስለሚወድ ይህን ለእርቁ መጀመሪያ ልታደርጉት ትችላላችሁ፤ እርሷም ብቻዋን የምትሆንበት ሥርዓት ያለው ክፍል ያስፈልጋታል። ብዙ ተጫዋች ቶሎ ብሎ ያፋታቸዋል፤ ማስታረቁ ግን ይበልጥ አሳብ ይጠይቃል።

6ኛ፤ እስከ አሥር ትውልድ መድረስ። ይህን ደንብ ያወጡት ተጫዋቾች ራሳቸው ናቸው። አንድ መሥራች ሰው በባዶ ቦታ ላይ ኑሮ ይጀምራል፤ ከልጆቹ አንዱ ቤቱን ይወርሳል፤ ከዚያም የልጅ ልጁ፤ እንዲህ እያለ እስከ አሥረኛው ትውልድ ይዘልቃል። ዕድሜ አይቆምም፣ በትእዛዝ የተገኘ ገንዘብም አይፈቀድም። ጨዋታውን የሚያጣፍጠው ለእያንዳንዱ ትውልድ የተለየ ዓላማ መስጠት ነው፤ አያቱ አትክልተኛ፣ ልጅዋ ጠፈርተኛ፣ የልጅ ልጅዋ ሠዓሊ ቢሆኑ በመሠረታዊው ጨዋታ ያሉት ሥራዎችና ምኞቶች አንድ በአንድ ይታያሉ። በግድግዳው ላይ የቀድሞዎቹ ሥዕል ሲሰቀልና መቃብራቸው በግቢው ሲደረደር ቤቱ የራሱ ታሪክ ይኖረዋል፤ ይህን ታሪክ በገንዘብ የሚሸጥ ማንም የለም።

7ኛ፤ የተሰወሩትን ስፍራዎች መፈለግ። በዊሎው ክሪክ አንድ ትልቅ ዛፍ አለ፤ ቀርቦ የሚመለከተው፣ ውሃ የሚያጠጣውና የሚያነጋግረው ሰው በውስጡ አልፎ ወደ ተሰወረ ለምለም ስፍራ ይገባል። በኦዌሲስ ስፕሪንግስ ደግሞ የተዘጋ የማዕድን ጕድጓድ አለ፤ ይህን የሚከፍተው በጥገና ሙያ 10ኛ ደረጃ የደረሰ ሰው ብቻ ነው። በግቢው መንኰራኵር ሠርቶ ወደ ጠፈር መጓዝም ይቻላል። ከዚህ በተጨማሪ እንቍራሪት፣ ዓሣ፣ ማዕድንና የጥንት እንስሳት ቅሪት ዐይነቱን ሳያጓድሉ መሰብሰብ ይቻላል። ጨዋታው አለቀብኝ የሚሉ ብዙ ሰዎች እነዚህን ስፍራዎች በዐይናቸው ያላዩ ናቸው።

በሌላ በኩል ደግሞ እውነቱን ሳንሸሽግ መናገር ይገባናል። በመሠረታዊው ጨዋታ ውስጥ የማይገኝ፣ በብልሃትም የማይተካ ነገር አለ። ዝናብ፣ በረዶና የወቅቶች መለዋወጥ የመጡት በ2018 በተሸጠው ማስፋፊያ ነው፤ ውሻና ድመት በ2017፣ የዩኒቨርሲቲ ትምህርት በ2019 በተሸጡት ማስፋፊያዎች ገብተዋል። እነዚህን አጥብቆ የሚሻ ሰው መግዛቱ ስሕተት ነው አንልም። ይሁን እንጂ አንዳንዱ ነገር ጊዜውን ጠብቆ በነፃ እንደሚመጣ ማወቅ ይጠቅማል። ጨዋታው በ2014 ሲወጣ የመዋኛ ገንዳ አልነበረውም፤ በዚያው ዓመት በነፃ ተጨመረ። ድክ ድክ የሚሉ ሕፃናት በ2017፣ የሚድኹ ጨቅላዎች በ2023 እንዲሁ ያለ ዋጋ ገብተዋል። ስለዚህ የሚቸኵል ሰው ብቻ ሳይሆን የሚታገሥም ሰው የሚያገኘው ነገር አለ።

ስለ ጊዜም አንድ ቃል እንጨምር። የጨዋታው ቀን 24 ደቂቃ ከሆነ፣ የጨዋታው አንድ ሳምንት 168 ደቂቃ፣ ማለት ከሦስት ሰዓት 12 ደቂቃ የጐደለ ጊዜ ይፈጃል። ይህን ሒሳብ የማያውቅ ሰው «አንድ ቀን ብቻ ልጨምር» እያለ እኩለ ሌሊት ያልፍበታል፤ በማግሥቱም በቢሮው ውስጥ እንቅልፍ ይዞት ይውላል። በኮምፒዩተሩ ውስጥ ያለውን ሰው በጊዜው ያስተኛ ተጫዋች ራሱ ሳይተኛ ቢያድር የሚያስገርም ነው። እንግዲህ በአንድ ምሽት ከሦስት የጨዋታ ቀን በላይ ላለማለፍ መወሰን፣ ማለት በሰዓት ከሩብ ገደማ ማቆም፣ መልካም ልማድ ነው፤ ለልጆችም ከዚህ ባነሰ መጠን ይወሰንላቸው።

ክቡራን አንባቢዎች፤ በቤታችሁ ማስፋፊያ ይገዛልኝ የሚል ሰው ቢኖር በቍጣ አትመልሱት፤ ወዲያውም እሺ አትበሉት። አንድ ወረቀት ስጡትና ከላይ የዘረዘርናቸውን ሰባት ሥራዎች ይጻፍበት፤ የፈጸመውንም እየሰረዘ ይሂድ። ሰባቱን ሁሉ ፈጽሞ አሁንም የሚወድደው ከሆነ፣ የትኛው ማስፋፊያ እንደሚያስፈልገውና ለምን እንደሚያስፈልገው በዚያን ጊዜ በሚገባ ያውቃል፤ አንዱን ብቻ መርጦ ቢገዛም ገንዘቡ በከንቱ አልወጣም። ሰባቱን ሳይፈጽም ከተወውም፣ 40 ዶላሩ በእጃችሁ ቀርቷል።